ጠውልጎ ለማይረግፍ ቅጠል ስም ፍለጋ

ቃሉን ያገኘሁት ጠርዙን ምስጥ በበላው የእንግሊዝኛ የዕፅዋት መዝገበ ቃላት ውስጥ ነው። ማርሴሰንት ይላል። ቅጽል ነው። ትርጉሙም «ጠውልጎ ወይም ደርቆ ከተክሉ ላይ ሳይረግፍ የሚቆይ» የሚል ነው። ከሥሩ ምሳሌ ተሰጥቶታል፤ የኦክ ዛፍ ቅጠል በክረምት።

በዚያን ጊዜ ሀዋሳ በሚገኝ አንድ ኮሌጅ፣ የደረቁ ዕፅዋት በሚቀመጡበት ክፍል ተቀጥሬ እሠራ ነበር። ትምህርቴን ያቋረጥኩት ከአሥረኛ ክፍል ነው። ሥራዬ የዕፅዋት መምህሩ ከየሜዳው ለቅመው የሚያመጡትን ቅጠልና አበባ በጋዜጣ መካከል ዘርግቶ መጫን፣ እርጥበት የጠጣውን ጋዜጣ መለወጥ፣ የደረቀውን በወፍራም ወረቀት ላይ መለጠፍና ስሙን በታይፕ መጻፍ ነበር። ጋዜጣው ያው የስብሰባ ወሬ ብቻ ስለሆነ ከማንበብ ይልቅ ውሃ ለማስመጠጥ ይሻላል እያልን፣ ድምፃችንን ዝቅ አድርገን እንቀልድ ነበር።

አንድ ቀን ከአዲስ አበባ፣ ከአንድ የቋንቋ መሥሪያ ቤት ለመምህሩ ደብዳቤ መጣ። የሳይንስ ቃላት ሁሉ በአማርኛ አቻ ሊገኝላቸው ነው፤ ኮሌጁ የዕፅዋቱን እንዲያግዝ ተጠይቋል። መምህሩ ስለ ቅጠል የሚነገሩትን ቅጽሎች ለይተው ለእኔ ሰጡኝ።

«አንተ ነገር ታከርራለህ» አሉኝ። «ለዚህ ሥራ የሚያከርር ሰው ያስፈልጋል።»

አብዛኛው አላስቸገረኝም። በየዓመቱ ቅጠሉን የሚጥለውን «ረጋፊ» አልኩት። ገና ሳይቆይ የሚወድቀውን «ቶሎ ረጋፊ»። ሳይወድቅ የሚቆየውን፣ ለምሳሌ ቲማቲም ጫፍ ላይ እንደ ኮከብ ተዘርግታ ፍሬው እስኪበስል የምትቀረውን አረንጓዴ ነገር፣ «ጽኑ» አልኩት። ማርሴሰንት ላይ ስደርስ ግን ቆምኩ። ጽኑ እንዳልለው የሚቆየው ሞቶ ነው። ረጋፊ እንዳልለው አይወድቅም።

ምሳሌውም አልጠቀመኝም። ኦክ የሚባል ዛፍ አይቼ አላውቅም። ክረምቱም የእኛ ክረምት አይደለም። የእነሱ ክረምት ብርዳምና ደረቅ ነው፤ ዛፉን ያራቁተዋል። በእኛ ክረምት ግን ሰማዩ ይወርዳል፣ ደርቋል ያልነው አጥር ሳይቀር ያቆጠቁጣል። ምሳሌውን እንዳለ ባስገባው አንባቢው «ይህ ሰው ሐምሌን አያውቀውም እንዴ?» ይለኛል።

መምህሩን ጠየቅኳቸው። ምሥራቅ ጀርመን ሲማሩ ጥቂት ላቲን ቀምሰዋል። መነጽራቸውን ግንባራቸው ላይ ሰቅለው አስረዱኝ። የቃሉ ሥር መጠውለግ ማለት ነው። መጨረሻው ደግሞ ነገሩ እየሆነ መሄዱን ያሳያል። ስለዚህ ቃሉ በቀጥታ ሲፈታ «እየጠወለገ ያለ» ማለት ብቻ ነው።

«አለመርገፉስ?» አልኳቸው።

«እሱ ቃሉ ውስጥ የለም። የዕፅዋት ሰዎች ሲጠቀሙበት ሲጠቀሙበት ጨመሩበት። እንዲያውም አሁን ዋናው ነገር እሱ ነው። የጠወለገ ቅጠልማ ሞልቷል፤ የጠወለገ ሁሉ ማርሴሰንት አይባልም። መውደቅ ሲገባው ያልወደቀ ነው የሚባለው።»

ይህን በእርሳስ ጻፍኩና ወደ ቤቴ ሄድኩ። ቤቴ የምለው ከአከራዬ ግቢ የተከራየኋትን አንዲት ክፍል ነው።

አከራዬ ሲዳማ አገር ገጠር ተወልዳ፣ በልጅነቷ ለአንድ ሾፌር ተድራ ከተማ የገባች ሴት ናት። ባሏ ሞቷል። በገባሁ ሰሞን አንቱ ስላት «አታስረጀኝ፤ እትዬ በለኝና አንቺ በለኝ» ብላ ከለከለችኝ። በመንገዱ በኩል፣ አጥሩን ተደግፈው የቆሙ እንሰቶች አሏት። እንሰት ከላይ አዲስ ቅጠል እያወጣ ከታች ያረጀውን ያደርቃል፤ የደረቀው ግን አይወድቅም። ቡናማ ሆኖ፣ ታጥፎ፣ ግንዱን እንደ ቀሚስ ከብቦ ይንጠለጠላል። ከሰዓት በኋላ ከሐይቁ ነፋስ ሲነሳ ሲንኮሻኮሽ መኝታዬ ድረስ ይሰማኛል። ሁልጊዜ የማየው ነገር ነበር። የዚያን ቀን ግን በሩ ላይ ቆሜ አየሁት። ምሳሌዬን አገኘሁ።

«እትዬ፣ ይህን ቅጠል ምን ትሉታላችሁ?»

«የቱን?»

«ይህን የደረቀውን። ደርቆ ያልወደቀውን።»

«ደረቅ ቅጠል ነዋ!» ሳቀች። «ደመወዝ የሚከፍሉህ ለዚህ ነው?»

«ለብቻው ስም የለውም?»

«በሲዳምኛም ደረቀ ነው የምንለው። ሌላ ካለው እናቴ ታውቅ ነበር፣ እሷ ደግሞ የለችም።» ከዚያ ጠጋ ብላ አንዱን በእጇ ዳሰሰችው። «ብቻ ካልቸገረን አንቆርጠውም። ለመጠቅለያ ይሆናል፣ ለመቀመጫ ይሆናል። እዚያው ቢቆይ ማንን ይጎዳል? ልጄ ግን አይወደውም። ‹እማዬ፣ ቤታችን ገጠር ይመስላል፣ ቁረጪው› ይለኛል። ሲመጣ ራሱ ይቁረጠው።»

ልጇ አንድ ነው። በብሔራዊ ውትድርና ተወስዶ ሰሜን ግንባር ነበር። መጀመሪያ መጀመሪያ ደብዳቤ ይጽፋል፤ የማነብላት እኔ ነበርኩ። ስለ ጤንነቱ ይጽፋል፣ ስለ እግር ኳስ ይጠይቃል። በሰሜን ትልቅ ውጊያ ተደረገ ተብሎ ከተወራ ወዲህ ግን ደብዳቤ አልመጣም። ሬዲዮውም ስለ ድል እንጂ ስለ ሰው አያወራም።

በእኛ ሰፈር መርዶ የሚነገረው በንጋት ነው። ሟቹ የሞተው ሩቅ አገር ሲሆን የእድር ሽማግሌዎች ወሬውን ይዘው ይቆያሉ፤ ዘመድ በስውር ይሰበሰባል። ከዚያ አንድ ቀን ፀሐይ ሳትወጣ በር ይንኳኳል። በዚያ ክረምት በእኛ መስመር ሁለት እናቶች እንዲህ ተረድተዋል። ከሁለተኛዋ በኋላ አከራዬ ጎህ ሳይቀድ መነሳት ጀመረች። ኩታዋን ደርባ ከቤቷ ደፍ ላይ ትቀመጥና የግቢውን በር ታያለች። ፀሐይ ብቅ ስትል ትነሳና ከሰል ታያይዛለች። አንድ ጠዋት ወደ ሥራ ስወጣ «ዛሬም አለፈ» አለችኝ። ምን እንዳለፈ አልጠየቅኳትም። በር ካልተንኳኳ ልጇ ለዚያ ቀን በሕይወት አለ ማለት ነው።

በዚህ መካከል ከበላይ እንግዶች በእኛ መንገድ ያልፋሉ ተባለ። ቀበሌው ሰፈሩን ለጽዳት አዘዘ። ድንጋይ በኖራ ይቀባል፣ አጥር ይስተካከላል፣ ወደ መንገድ የሚታይ ደረቅ ነገር ይነሳል። የአከራዬን አጥር ለማሳመር ደግሞ የእንሰቱን ደረቅ ቅጠል መቁረጥ ያስፈልጋል። የቀበሌው ሰው ሴትዮዋን ማስቀየም ስላልፈለገ ነገሩን ለእድሩ ዳኛ ገፋው። የእድሩ ዳኛ የታወቁ አናጺ ናቸው። ረጋ ያሉ፣ ሰው ፊት ሲያወሩ ቆባቸውን በእጃቸው የሚያዞሩ ሰው ናቸው። ሴት ወይዘሮን ብቻቸውን ሄደው ማዘዝ ነውር መሰላቸውና ሌሎች ሁለት ሽማግሌዎች ጨመሩ። ጠዋት ሁሉም ሰው ለጽዳት ዘመቻ ስለሚወጣ ደግሞ ከዚያ በፊት እንድረስ ተባባሉ። የሐይቁ ዳር ንጋት ይበርዳልና ሦስቱም ጋቢያቸውን ተከናንበው መጡ።

እኔ ክፍሌ ውስጥ ጫማዬን እያሰርኩ ነበር። በር ሲንኳኳ ሰማሁ። የእድሩ ዳኛ ድምፅ መጣ።

«እንደምን አደርሽ እህቴ። እስቲ ተቀመጪ፣ አንድ ነገር ልንነግርሽ ነበር።»

ከዚያ በኋላ የሰማሁትን ጩኸት መጻፍ አልችልም። «ልጄን!» የሚለው ቃል ብቻ ነው የተለየኝ። ስወጣ መሬት ላይ ወድቃለች። ሦስቱ ሰዎች ቆመዋል።

«ኧረ በጌታ! ኧረ እህቴ፣ ቅጠል ነው!» ይላሉ ዳኛው። «ስለ ቅጠሉ ነው የመጣነው!»

«ገደላችሁኝ!»

«ማንም አልሞተም! ስለ እንሰቱ፣ አጥሩ ላይ ስላለው!»

ጎረቤት ሁሉ ወጣ። ከፊት ለፊት ያለችው ሴት ነጠላዋን ዘቅዝቃ ደረቷን እየመታች ደረሰች። ከኋላዋ ሌሎች ተከተሉ። ዳኛው እያንዳንዷን ክንዷን እየያዙ ሊያስረዱ ሞከሩ።

«እናንተ ሰዎች ስሙኝ፣ እኛ መርዶ አላመጣንም።»

«አውቀናል አባባ፣ አውቀናል» አለቻቸው አንዷ እያለቀሰች። «እንዲህ ቀስ እያላችሁ ንገሯት። ጥሩ አድርጋችኋል።»

ችግሩ ይህ ነበር። በእኛ አገር መርዶ ነጋሪ መጀመሪያ እውነቱን አይናገርም። ታሟል ይላል፣ ቆስሏል ይላል፣ ስለ ሌላ ነገር ያወራል። ስለዚህ ዳኛው አልሞተም ባሉ ቁጥር መሞቱ ይበልጥ እየታመነ ሄደ። እኔም አመንኩ። ቅጠሉን ለማለሳለሻ ያመጡት መሰለኝ።

ዳኛው ወደ እኔ ዞሩ። ፊታቸው አመድ መስሏል። «አንተ ልጅ፣ አንተ ፊደል የቆጠርክ ነህ፣ ንገራቸው እንጂ!»

«ምን ልበል?»

«ቅጠል በላቸው!»

አልኩ። «ቅጠል ነው የሚሉት» አልኩ፤ ድምፄ ለራሴም አልተሰማኝም። ከጎረቤት የመጡ አንድ ሽማግሌ ትከሻዬን መታ መታ አድርገው «አይዞህ፣ አንተም ወንድምህ ነበር» አሉኝ።

ረፋዱ ላይ ድንኳን ተተከለ። አግዳሚው ለሰው አልበቃ ሲል ወጣቶች ወደ አጥሩ ሄደው የእንሰቱን ደረቅ ቅጠል በሙሉ ቆርጠው አመጡና ሴቶች መቀመጫ አድርገው አነጠፉት። እንግዶቹ በማግስቱ በመንገዳችን አለፉ፤ አጥሩ ንጹሕ ነበር። የቀበሌው ሰው ሊያስተዛዝን ሲመጣ ወደ አጥሩ አየት አድርጎ «ጥሩ ሆኗል» አለ። ወዲያው ያለው ነገር ገብቶት አንገቱን ደፋ።

መምህሩም መጡ። ስለ እንሰቱ ነግሬያቸው፣ ለዝርዝሩ ሥዕል የሚሆን ፎቶ ሊያነሱ ቀጠሮ ነበረን። ካሜራውን ሳይዙ ነው የመጡት። ከሴቶቹ ሥር የተነጠፈውን አይተው፣ ከዚያ የተራቆተውን ግንድ አይተው፣ ሲወጡ እጄን ጨበጡኝ።

በሦስተኛው ቀን ድንኳኑ ሲነሳ ዳኛው አከራዬን ለብቻዋ አስቀምጠው የሆነውን ከመጀመሪያው ጀምረው ነገሯት። ማን እንዳዘዛቸው፣ ለምን በዚያ ሰዓት እንደመጡ፣ ሁሉንም። የቀበሌውን ሰው ሳይቀር ጠርተው አስመሰከሩ።

«ሦስት ሽማግሌ በንጋት ለቅጠል ይመጣል?» አለች።

«መጣን እህቴ። ሳናስብ መጣን።»

«ታዲያ ልጄ የት ነው?»

ዳኛው ቆባቸውን አዞሩ።

ከዚያ በኋላ የሆነው ከለቅሶው ይከብዳል። ለቅሶ ሥርዓት አለው፤ ሰው ምን እንደሚል ያውቃል። ጥቁር ልብሷን አላወለቀችም። አርባውንም አላወጣችም። መንገድ ላይ ያገኛት ሰው «እግዚአብሔር ያጽናሽ» ይበል ወይስ «አይዞሽ ይመጣል» ይበል አያውቅም። አንዳንዱ ሁለቱንም ጀምሮ ሁለቱንም ሳይጨርስ ያልፋል። ሌላው ራቅ ሲል አይቷት በሌላ በኩል ይታጠፋል። ከሰል ልትገዛ ሄዳ ወሬ የሚያወሩ ሴቶች ሲያዩዋት ዝም አሉ፤ ከዚያ ወዲህ ከሰሉን እኔ እገዛ ጀመር። ማታ ማታ አማፂዎቹ የማረኳቸውን ወታደሮች ስም የሚያነቡበትን የሬዲዮ ጣቢያ ድምፁን ዝቅ አድርገን አብረን እንሰማለን። ጣቢያው ይንሿሿል። የልጇ ስም በመጣ ቁጥር የአባቱ ስም ሌላ ይሆናል።

ዝርዝሬን መላክ ነበረብኝ። አንድ ቃል ፈልጌ አጣሁና በሁለት ቃል ጻፍኩት፤ «ጠውልጎ ያልረገፈ»። ለምሳሌ ከኦክ ይልቅ እንሰትን አስገባሁ። ሁለተኛ ምሳሌ ደግሞ የዱባ አበባን፤ ፍሬው ማበጥ ሲጀምር አበባው ተጨማድዶ ጫፉ ላይ ተለጥፎ እንደሚቀር። ስጽፍ አከራዬ ከበሩ ውጭ ተቀምጣ ነበር። ሰውን በቅጠል መመሰል አልወድም። ቅጠል አይጠብቅም፣ መጠበቁንም አያውቅም። የጻፍኩት ስለ ቅጠል ብቻ ነው።

ከወራት በኋላ ከአዲስ አበባ መልስ መጣ። ከቃላቱ ብዙዎቹን ተቀብለዋል። በማርሴሰንት ፊት ለፊት ግን የእኔን ሰርዘው «ጠውላጊ» ብለው በአንድ ቃል ጽፈውታል። ወረቀቱን ይዤ ወደ መምህሩ ሮጥኩ።

«ይህ ትክክል አይደለም» አልኳቸው።

«በቃሉ ትክክል ናቸው። ላቲኑ የሚለው ይህንን ነው።»

«በአጠቃቀሙስ? ‹የጠወለገ ሁሉ አይባልም› ያሉኝ እርስዎ አይደሉም?»

«በአጠቃቀሙ ተሳስተዋል።» መነጽራቸውን አወለቁ። «አለመርገፉን ጥለውታል። ያለ እሱ ቃሉ ምንም አይሠራም። ጻፍላቸው፣ እፈርምልሃለሁ።»

ጻፍኩ። ፈረሙ። መልስ አልመጣም። ያ መንግሥት ራሱ አሁን የለም፤ ዝርዝሩ የት እንደገባ አላውቅም።

አከራዬን ወደ ውሳኔ ያመጣት አንድ ቁስለኛ ነው። ከልጇ ጋር በአንድ ሻለቃ የነበረ፣ በክራንች የሚሄድ ልጅ ከመናኸሪያው ማዶ ዘመዶቹ ጋ መጣ ሲባል ይዣት ሄድኩ። ልጁ እግሯ ላይ ሊወድቅ ፈለገ፤ ክራንቹ አላስችለው አለ።

«እማማ፣ ማታ አብረን እራት በልተናል። ንጋት ላይ ተበተንን። ከዚያ በኋላ አላየሁትም። ዋሽቼ ብነግርዎት እግዜር ይቀጣኛል።»

በጋሪ ተመለስን። ግቢያችን በር ላይ ስንደርስ አልገባችም፤ በቀጥታ ወደ እድሩ ዳኛ ቤት ሄደች። ተከተልኳት። ዳኛው እንጨት እየላጉ ነበር።

«መርዶ ይንገሩኝ» አለቻቸው።

መላጊያውን አስቀመጡ። «ምን ሰምተሽ ነው?»

«ምንም አልሰማሁም። ያኔ ሳትነግሩኝ አለቀስኩ። አሁን ነግራችሁኝ ላልቅስ። እንደ ሰው ላልቅስና ይውጣልኝ።»

«እህቴ፣ የማላውቀውን ሞት እንዴት አድርጌ እነግርሻለሁ? ነገ ቢመጣስ?»

«ቢመጣ ደስ ይለኛል።»

«አልችልም» አሉ። እጃቸው የእንጨቱን ፍቅፋቂ ይሰበስባል። «አልችልም፣ ይቅር በይኝ።»

ተመልሳ ሄደች። ያን ሳምንት እህል የሚባል ነገር በቅጡ አልቀመሰችም። እኔ ከሥራ ስመለስ ያስቀመጥኩላትን እዚያው አገኘዋለሁ።

ቅዳሜ ቀን ነበር፤ ሥራ የለኝም። ፀሐይ መሃል አናት ላይ ሆና ዳኛው መጡ። ብቻቸውን ናቸው። ጋቢ አልለበሱም፤ የሥራ ልብሳቸውን እንደለበሱ፣ ክንዳቸው ላይ የእንጨት ብናኝ እንዳለ ነው። የግቢው በር ላይ ቆመው ስሟን ጮክ ብለው ጠሩ። ማንም ሰው በዚያ ሰዓት፣ በዚያ ልብስ መርዶ ይዞ እንደማይመጣ አስበውበት እንደመጡ ገባኝ። ገብተው ከፊቷ ባለው ዱካ ላይ ተቀመጡ።

«መርዶ አይደለም» አሉ አስቀድመው።

«አይቻለሁ።»

«አንድ የማውቀውን ነገር ልነግርሽ ነው የመጣሁት። ልጅሽ መሞቱን አላውቅም። መኖሩንም አላውቅም። ጠይቄያለሁ፤ ክፍለ ጦር ድረስ ሰው ልኬ ጠይቄያለሁ። የሚያውቅ ሰው የለም። አለ የሚልሽ ቢኖር ሊያጽናናሽ ነው፤ ሞተ የሚልሽም ቢኖር ሊገላገል ነው። ያኔ ይህን ብዬሽ መሄድ ነበረብኝ። ስለ ቅጠል እየጮህኩ ቆሜ ቀረሁ።»

«ማንም አያውቅም?» አለች።

«ማንም።»

ያን ጊዜ አለቀሰች። ደረቷን አልመታችም፣ አልጮኸችም፤ ፊቷን በነጠላዋ ሸፍና አለቀሰች። ከጎረቤት ማንም አልወጣም፤ በመንገዱ ጋሪ ያልፋል፣ ልጆች ኳስ ይጫወታሉ። ዳኛው አላባበሏትም። እጃቸውን ጉልበታቸው ላይ አድርገው እስክትጨርስ ድረስ ተቀመጡ። እኔ ከክፍሌ በር ላይ ቆሜ ነበር፤ ልግባ ወይስ ልውጣ አላወቅኩም።

ሲበቃት ዓይኗን ጠረገች። ክንዳቸው ላይ ያለውን ብናኝ አየች።

«ከሥራ ነው የመጡት?»

«አዎ፤ በር እየሠራሁ ነበር።»

«ምሳ በልተዋል?»

«አልበላሁም።»

ተነስታ ወደ ጓዳ ገባች። ቆጮና ጎመን ይዛ ወጣች፤ እኔንም «አንተ የቅጠል ጸሐፊ፣ ምን ትገተራለህ? ቅረብ» አለችኝ። ሦስታችን በላን። እሷም በላች።